ሻራባንግ፦ የሽርሽር አውቶቡስን መንገድ የከፈቱት ፍሬንና ጎማ

እንደምን አመሻችሁ። ዛሬ የምንነጋገረው ሰው ለሥራ ወይም ለንግድ ሳይሆን እንዲሁ ለመዝናናት ብሎ፣ ከጎረቤቱና ከሥራ ባልደረባው ጋር ተሰባስቦ፣ በሞተር በሚሄድ ተሽከርካሪ አገር ማየት ስለጀመረበት ዘመን ነው። የምጠራቸው ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው። አብዛኛው ታሪክ የሚካሄደው በብሪታንያ ነው፤ ወደ ጀርመን፣ ወደ ስዊዘርላንድና ወደ አሜሪካም ብቅ እንላለን።

የመኪና ታሪክ ሲወራ ምስጋናውን ጠቅልሎ የሚወስደው ሞተሩ ነው። ስለ ሽርሽር አውቶቡስ ስናወራ ግን ሞተሩን ለጊዜው ወደ ጎን ብናደርገው ይሻላል። በ1910 አካባቢ የነበረ ባለ አራት ሲሊንደር የቤንዚን ሞተር ሃያ ስምንት ሰው ጭኖ፣ እያቃሰተም ቢሆን፣ ዳገት ይወጣ ነበር። ችግሩ ወጥቶ ሲያበቃ በማዶ በኩል እንዴት ይወርዳል የሚለው ነው። ሁለተኛው ችግር ደግሞ ተሳፋሪው ከስልሳ ኪሎ ሜትር በኋላ ወገቡ ተርፎለት ይወርዳል ወይ የሚለው። ለነዚህ ለሁለቱ መልስ የሰጡት ፍሬን፣ ጎማና የሻንሲ፣ ማለትም መኪናው የሚቆምበት የብረት አጽም፣ ከፍታ ናቸው። የሽርሽር ካርታ የሰፋው እነሱ በተሻሻሉ መጠን ነው።

ከስሙ እንነሳ። "ሻር አ ባን" ፈረንሳይኛ ነው፤ ባለ አግዳሚ ወንበር ሠረገላ ማለት ነው። ሲጀመር በፈረስ የሚሳብ፣ ጎኑ ክፍት፣ ወንበሮቹ ከፊት ወደ ኋላ የተደረደሩ ሠረገላ ነበር። የፈረንሳዩ ንጉሥ ሉዊ ፊሊፕ በ1844 ለንግሥት ቪክቶሪያ አንዱን በስጦታ ሰጥቷታል። የቤተ መንግሥት ዕቃ የነበረው ነገር ከጊዜ በኋላ የሠራተኛው ሕዝብ ሲሆን እንግሊዞች አፋቸው እንደመራቸው "ሻራባንግ" አሉት፤ ችኩሉ ደግሞ "ሻራ" ብሎ ቆረጠው። እኛም ሻራባንግ እያልን እንቀጥል።

ሰውን ያለ ፈረስ በመንገድ ላይ የማጓጓዝ ሙከራ ከቤንዚን ሞተር በጣም ይቀድማል። በ1831 ጎልድስወርዚ ጉርኒ የሠራቸው የእንፋሎት ሠረገላዎች በግሎስተርና በቸልተናም መካከል ለአራት ወር ያህል መንገደኛ አመላልሰዋል። የቆሙት ማሽኑ አልሠራ ብሎ አልነበረም። መንገዱ ላይ ድንጋይ ተከመረባቸውና አክሰል ተሰበረ፤ የኬላ ቀረጡም ከፈረስ ሠረገላ ብዙ እጥፍ እየሆነ መጣ። በ1865 የወጣው ሕግ ደግሞ በገጠር በሰዓት 4 ማይል፣ በከተማ 2 ማይል ብቻ ፈቀደ፤ ከተሽከርካሪው 55 ሜትር ያህል ቀድሞ ቀይ ባንዲራ የያዘ ሰው በእግሩ እንዲሄድም አዘዘ። እግረኛ ለሚቀድመው ተሽከርካሪ ማን ለሽርሽር ይከፍላል? ሕጉ በ1896 እስኪነሳ ድረስ በብሪታንያ የመንገድ ሽርሽር የፈረስ ብቻ ሆኖ ቆየ።

ጀርመን ቀደመች። በማርች 1895 ዚገን ከተባለችው ከተማ ተነስቶ በኔትፌን በኩል እስከ ዶይትስ የሚደርስ፣ 15 ኪሎ ሜትር የሚሆን መስመር ላይ ካርል ቤንዝ የሠራው አውቶቡስ ሥራ ጀመረ። ሞተሩ 5 የፈረስ ጉልበት፣ ወንበሩ ስምንት። ዳገት ላይ ተሳፋሪው ወርዶ ይገፋል። ክረምቱ ሲገባና መንገዱ ጭቃ ሲሆን አገልግሎቱ ተቋረጠ። እዚህ ላይ ጉልበቱ በእርግጥ አንሶ ነበር፤ ይሁን እንጂ በአሥራ አምስት ዓመት ውስጥ የሞተር ጉልበት ስድስት ሰባት እጥፍ ሲያድግ ፍሬኑ ከሠረገላ ዘመን ብዙም አልራቀም። ታሪካችን የሚንቀሳቀሰው በዚህ ክፍተት ውስጥ ነው።

አሁን አንድ ሻራባንግ አጠገብ ቆመን እንየው። ከታች የጭነት መኪና ሻንሲ ነው፤ ለሰው ተብሎ የተሠራ ምንም ነገር የለበትም። ሁለት ወፍራም የብረት ዘንጎች ከፊት እስከ ኋላ ቀጥ ብለው ይሄዳሉ፤ ንዝረት የሚችለው የብረት ንጣፍ፣ ባሌስትራውና አክሰሉ ከሥራቸው ነው። ስለዚህ የእንጨት ወለሉ ከመሬት አንድ ሜትር ያህል ከፍ ይላል። ከወለሉ በላይ አግዳሚ ወንበሮች ከጎን እስከ ጎን ተዘርግተዋል፤ አንዱ አምስት ሰው ይይዛል፤ አምስት ወይም ስድስት ረድፍ አለ። በመሃል መተላለፊያ የለም። ስለዚህ እያንዳንዱ ረድፍ የራሱ በር አለው፤ በሮቹም በእግረኛው መንገድ በኩል፣ በብሪታንያ በግራ፣ በተርታ ይደረደራሉ። መውጫው በጎኑ ርዝመት የተዘረጋ የእግር መርገጫ ነው፤ ለቆዩት ከፍ ያሉ ሞዴሎች ግን መሰላል ይዞ መሄድ ግድ ነበር። መጀመሪያ የገባው ሰው ከሩቁ ጫፍ ይቀመጣል፤ መውረድ ቢፈልግ አራቱም መነሳት አለባቸው። ከመነሳታችሁ በፊት ጉዳያችሁን ጨርሱ የሚለው የሹፌር ማስጠንቀቂያ ከዚህ የመጣ ነው።

በአንዳንዶቹ ላይ የኋላው ረድፍ ከፊተኛው ከፍ እያለ እንደ ቲያትር ቤት ይደረደራል። ሁሉም ያያል፤ ግን ክብደቱ ወደ ላይ ይወጣል፤ ኩርባ ላይ መኪናው ወደ ውጭ ያጋድላል። ከሁሉ የከፋው መቀመጫ ደግሞ የመጨረሻው ነው። ከኋላ አክሰል አልፎ ስለሚንጠለጠል ጎማው ጉድጓድ ሲመታ ጅራፍ እንደሚወናጨፍ ወደ ላይ ይወረውራል።

ጣሪያው ሸራ ነው። ታጥፎ ከኋላ ይከመራል። ዝናብ ሲጀምር ሹፌሩ ያቆማል፤ ከተሳፋሪው መካከል አራት አምስት ጉልበተኛ ይወርድና ሸራውን ከነቀስቱ ወደ ፊት ጎትቶ፣ የፊት መስታወቱ ጫፍ ላይ በቆዳ ጠፍር አጥብቆ ያስራል። ጎኑ ክፍት ስለሆነ ዝናቡ በነፋስ ከመጣ ሥራው ከንቱ ነው። ሁለት ነገር ይበላሻል። አንደኛ፣ ሸራው እርጥብ እንዳለ ከታጠፈ በሳምንት ውስጥ ይሻግትና እጥፋቱ ላይ ይቀደዳል። ሁለተኛ፣ ጠፍሩ ላልቶ ከታሰረ ሸራው ነፋስ ቋጥሮ እንደ መርከብ ሸራ ይነፋል፤ የእንጨት ቀስቶቹም ከማጠፊያቸው ይሰበራሉ።

እንነሳ። ሞተሩን የሚያስነሳው የሹፌሩ ክንድ ነው። ቅደም ተከተሉ እንዲህ ነው፦ የእጅ ፍሬን ይያዛል፤ ማርሹ ፎሌ ላይ፣ ማለትም ምንም ማርሽ ሳይገባ፣ ይሆናል፤ መሪው ላይ ያለው የእሳት ማስተካከያ ወደ ዘግይቶ ይመለሳል፤ ካርቡራቶሩ ላይ ያለችው ፒን ተነካክታ ቤንዚን እስኪያንጠባጥብ ይጠበቃል፤ በእጅ የሚዞረው የማስነሻ ብረት፣ ማኖቬላው፣ ሁለት ሦስት ጊዜ እሳት ሳይኖረው ይዞራል፤ ከዚያ እሳት የሚሰጠው ማኜቶ ተከፍቶ ከታች ወደ ላይ በአንድ ጊዜ ይሳባል። አውራ ጣት ከሌሎቹ ጣቶች ጋር በአንድ በኩል መሆን አለበት፤ ማኖቬላውን አቅፎ መያዝ ክልክል ነው። ምክንያቱ ግልጽ ነው። እሳቱ ፒስተኑ ጫፍ ሳይደርስ ቀድሞ ከመጣ ሞተሩ ወደ ኋላ ይረግጣል፤ ያኔ ወደ ላይ የሚሳብ እጅ ጣቶቹ ይከፈቱና ያመልጣል፤ ወደ ታች የሚጫን እጅ ግን አንጓው ይሰበራል። ካዲላክ በ1912 የኤሌክትሪክ ማስነሻ ይዞ ቢመጣም ለትልልቅ ተሽከርካሪዎች እስኪደርስ ዓመታት ፈጅቷል።

ሞተሩን ከማርሹ የሚያገናኘውና የሚለየው ፍሪሲዮን ቆዳ የለበሰ ሾጣጣ ብረት ነው፤ ሾጣጣ ጎድጓዳ ውስጥ በሞላ ኃይል ይሰካል። ሞተሩ ዘይት ሲተፋበት ይንሸራተታል፤ መድኃኒቱ ዘይት የሚመጥ ደቃቅ ሸክላ አፈር መነስነስ ነው። ቆዳው ሲደርቅ በተቃራኒው በድንገት ይይዝና መኪናውን ያስፈነጥረዋል፤ ያን ጊዜ የጉሎ ዘይት ይቀባል። ተሳፋሪ አንገቱ የሚቀጭበትን ሹፌር ሲሳደብ፣ ጥፋቱ ብዙ ጊዜ የደረቀው ቆዳ ነበር።

ማርሽ መቀየር ግን የሹፌሩ ጥፋት ወይም ሙያ ነው። የዚያ ዘመን ካምቢዮ፣ የማርሽ ሣጥኑ፣ ጥርሶቹን የሚያስማማ ነገር የለውም፤ ሁለቱ ጥርሶች እኩል ፍጥነት ካልዞሩ ይጋጫሉ። ወደ ዝቅተኛ ማርሽ ለመውረድ ፍሪሲዮን ረግጦ ፎሌ ማድረግ፣ ፍሪሲዮን መልቀቅ፣ በፎሌ እንዳለ ነዳጅ ሰጥቶ ሞተሩን ማፍጠን፣ እንደገና ረግጦ ማርሹን ማስገባት ነው። ይህ ሁሉ በሁለት ሰከንድ ማለቅ አለበት። ዳገት ላይ ከሳተው መኪናው ይቆማል፤ ረዳቱ ዘሎ ከኋላ ጎማ ሥር ታኮ ያደርጋል፤ ብዙ ጉዳት የለም። ቁልቁለት ላይ ከሳተው ግን መኪናው ፎሌ ላይ ቀርቷል። ሞተሩ ከእንግዲህ አይዝም፤ ፍጥነቱ በየሰከንዱ ይጨምራል፤ ፍጥነቱ በጨመረ ቁጥር ማርሹን ማስገባት ይበልጥ ይከብዳል።

ጁላይ 12 ቀን 1906 ሳሴክስ ውስጥ ሃንድክሮስ በሚባል ኮረብታ የሆነው ከዚህ ቤተሰብ ነው። ከኦርፒንግተንና ከአካባቢው የመጡ ወንዶች ወደ ብራይተን ለሽርሽር የተከራዩት ባለ ሁለት ፎቅ ሚልንስ ዳይምለር አውቶቡስ ቁልቁለቱን ሲወርድ ፍጥነት አበዛ፤ ሹፌሩ ሊቆጣጠረው ሲታገል የኃይል ማስተላለፊያው ተሰባበረ፤ ፍሬኑ ሊይዘው አልቻለም፤ አውቶቡሱ ከመንገዱ ወጥቶ ዛፍ መታ። አሥር ሰው ሞተ። ያ ዓይነቱ አውቶቡስ በለንደን ጎዳና ላይ በየቀኑ የሚሠራ ነው። ለሜዳ ከተማ የሚበቃ ፍሬን ለኮረብታ አይበቃም የሚለውን ያስተማረው እንዲህ በውድ ነው።

ለምን አይበቃም? በቁጥር እንየው። ከነሰዉ 6 ቶን የሚመዝን ሻራባንግ በሰዓት 19 ኪሎ ሜትር ሲሄድ አንድ ጊዜ ለማቆም ፍሬኑ ወደ ሙቀት መለወጥ ያለበት ጉልበት 84 ኪሎ ጁል ያህል ነው። ያው መኪና 100 ሜትር ከፍታ ያለው ቁልቁለት ፍጥነቱን ጠብቆ ሲወርድ የሚለቀቀው ግን 5,900 ኪሎ ጁል ገደማ ነው፤ ሰባ ጊዜ ተከታትሎ እንደማቆም ማለት ነው። ይህ ሙቀት 17 ሊትር ውሃ ከ20 ዲግሪ አንስቶ ያፈላል። ይህን ሁሉ የሚሸከሙት ጥቂት ኪሎ የሚመዝኑ ታምቡሮች፣ ፍሬኑ የሚይዛቸው ክብ ብረቶች፣ ናቸው።

ታምቡሮቹ ያሉበትም ቦታ ችግር ነበረው። የእግር ፍሬኑ ከካምቢዮው ጀርባ ባለው ትራስሚሽን፣ ኃይሉን ወደ ኋላ በሚወስደው ዘንግ፣ ላይ ይሠራል፤ የእጅ ፍሬኑ የኋላ ጎማዎቹን ብቻ ይይዛል። የፊት ጎማ ፍሬን የለውም። የትራስሚሽን ፍሬን ጥቅሙ ዲፈረንሻሉ የያዘውን ኃይል ስለሚያባዛው በትንሽ እርግጫ ብዙ መያዙ ነው። ጉዳቱ ደግሞ ከፍሬኑ እስከ ጎማው ባለው መንገድ አንድ መገጣጠሚያ ወይም አንድ ካቴና ከተበጠሰ ፍሬኑ ባዶ ዘንግ ይዞ ይቀራል። የእጅ ፍሬኑ ሽቦም ይለጠጣል፤ ማለዳ ሦስት ጥርስ ላይ የሚይዘው ከሰዓት በኋላ ሰባተኛው ላይ ይደርሳል።

እዚህ ላይ ኸርበርት ፍሩድ የሚባል ሰው መጠቀስ አለበት፤ ከብዙ የሞተር ፈልሳፊ ይልቅ ለሽርሽር የሠራ ሰው ነው ብንል አናጋንንም። በደርቢሻየር ቻፕል ኤን ለ ፍሪዝ ውስጥ የፈረስ ሠረገላ ፍሬን ዳገታማ አገር ላይ ቶሎ ሲያልቅ አይቶ ነው የጀመረው። በ1897 ፌሮዶ የተባለውን ድርጅት መሠረተ፤ በ1908 ደግሞ ከአስቤስቶስ የተሠራ የፍሬን ሸራ፣ ታምቡሩን እየተሻሸ የሚይዘውን ልባስ፣ አወጣ። ቀደም ብሎ የነበረው ጥጥና ጸጉር በሬንጅ የተነከረ ሸራ ሲግል ይጨሳል፣ ይለሰልሳል፣ መያዝ ያቆማል። አስቤስቶስ ሙቀቱን ቻለ። የአስቤስቶስ ብናኝ ሳንባ እንደሚገድል ያኔ አላሰቡበትም፤ ዛሬ አሮጌ ታምቡር የሚከፍት ሰው አቧራውን በአየር መንፋት የለበትም፤ በእርጥብ ጨርቅ ይጥረገው።

ሸራው ቢሻሻልም ሙቀቱ ያው ነው፤ ስለዚህ ሹፌሮች የራሳቸውን ሕግ አወጡ። ይህን ኮረብታ በየትኛው ማርሽ ትወጣው ነበር? በዚያው ውረደው። ማርሹን ጫፍ ላይ ቆመህ አስገባ፤ መውረድ ከጀመርክ በኋላ አትንካ። ሞተሩ በዝቅተኛ ማርሽ ተይዞ ሲዞር ሙቀቱን በራዲያተሩ በኩል ያስወጣል። እግርና እጅ ፍሬንን እያፈራረቅህ ያዝ፤ አንዱ ሲይዝ ሌላው ይቀዝቅዝ። ሽታ ከመጣ ቁም፤ ግን ውሃ አትድፋበት፤ የጋለ የብረት ታምቡር ይሰነጠቃል። ይህን ሕግ የሚያውቅ ሹፌር እንኳ የማያውቀው ኮረብታ ላይ ይያዛል፤ የሽርሽር ሹፌር ደግሞ ሥራው አዲስ ቦታ መሄድ ነው። በጁን 1925 ዮርክሻየር ውስጥ ዲብልስ በሚባለው ድልድይ ላይ አንድ ሻራባንግ ፍሬኑ እምቢ ብሎት ሰባት ሰው ሞተ።

ወደ ጎማ እንምጣ። ከፊትም ከኋላም ድፍን ጎማ ነበር፤ በብረት ቀለበት ላይ ተቀቅሎ የተጣበቀ ወፍራም ላስቲክ፤ ቀለበቱ በፕሬስ ተገፍቶ ቸርኬው ላይ ይገባል። አይፈነዳም፣ መንፊያ አይፈልግም፣ ባለቤቱ ይወደዋል። ነገር ግን ላስቲክ ሲጨመቅና ሲለቀቅ ይግላል፤ ድፍን ስለሆነ ሙቀቱ መሃሉ ይታፈናል። ፍጥነቱ ሲጨምር ላስቲኩ ከብረቱ ይለቃል፤ ከዚያ ቁራሽ ቁራሽ እያለ ይበተናል። አንድ ጊዜ ፍሬን አጥብቆ መያዝ ጎማውን አንድ ቦታ ይፍቀዋል፤ ከዚያ በኋላ እስከ ዕድሜው ፍጻሜ ዱብ ዱብ እያለ ይሄዳል። ንዝረቱ የራዲያተሩን ብየዳ ይፈታል፤ ብሎኖችን ያላላል፤ ባሌስትራ ይሰብራል። ከ1905 ጀምሮ ለከባድ ተሽከርካሪ የተፈቀደው ከፍተኛ ፍጥነት በሰዓት 12 ማይል፣ 19 ኪሎ ሜትር መሆኑ ያለ ምክንያት አልነበረም። ሹፌሮቹ አያከብሩትም፤ ፖሊስ ሰዓት ይዞ አጥር ሥር ይደበቃል።

በሰዓት 19 ኪሎ ሜትር የአንድ ቀን ሽርሽር ምን ያህል ይደርሳል? 80 ኪሎ ሜትር ርቆ ያለ የባሕር ዳርቻ ከአራት ሰዓት በላይ ይወስዳል፤ ለመመለስም ያንኑ። ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ የተነሳ ቡድን እኩለ ቀን አቅራቢያ ይደርሳል፤ ከጨለማ በፊት ለመግባት ከሦስት አራት ሰዓት በላይ አይቆይም። መንገዱ ራሱ የሽርሽሩ ዋና አካል የሆነው በዚህ ምክንያት ነው፤ መዝሙሩ፣ የቢራ ሣጥኑ፣ በየመጠጥ ቤቱ መቆም። በየአጥሩ ሥር የተጣለ ባዶ ጠርሙስ የገጠሩ ነዋሪ የዘወትር እሮሮ ነበር።

አየር የሚሞላ ጎማ ለቀላል መኪና ከተለመደ ቆይቷል፤ ለስድስት ቶን ግን ክሩ አልቻለም። የተሸመነ የጥጥ ሸራ ክሮቹ እርስ በርስ እየተፋተጉ ይቃጠላሉ። ክሮቹ ሳይጠላለፉ ጎን ለጎን ተዘርግተው በላስቲክ ሲለዩ ነው ነገሩ የተፈታው። በ1917 ጉድዪር የተባለው የአሜሪካ ድርጅት ትልልቅ የአየር ጎማ ያላቸውን የጭነት መኪኖች ከአክሮን እስከ ቦስተን እያመላለሰ ጎማውን ፈተነ። ብሪታንያ ውስጥ ግን ሻራባንጎች በብዛት ወደ አየር ጎማ የዞሩት በ1920ዎቹ ነው፤ በ1928 ሕጉም የአየር ጎማ ላለው ከባድ ተሽከርካሪ 20 ማይል ፈቀደ። ያው የአራት ሰዓት ጉዞ ከ80 ወደ 130 ኪሎ ሜትር ገደማ አደገ። እንግዲህ ሞተሩን ማንም አልነካውም።

አቧራውን በአጭሩ ላንሳና ልለፍ። በድፍን ጎማ የሚሄድ ከባድ መኪና ጠጠር መንገድን ይፈጫል፤ የሻራባንግ ተሳፋሪ ካፖርትና መነጽር የሚያደርገው ለዚህ ነው። በ1902 ኤርነስት ጉልየልሚኔቲ የተባለ ሐኪም ሞናኮ ውስጥ መንገድ በሬንጅ አስቀባ፤ በዚያው ዓመት እንግሊዛዊው ኤድጋር ሁሊ ሬንጅና የብረት ማቅለጫ ጥራጊ የተቀላቀለበትን ታርማክ በስሙ አስመዘገበ። በ1909 ፓሪስ ላይ የተፈረመ ስምምነት ደግሞ አራት የአደጋ ምልክቶችን ለአገሮች አስማማ፦ ጉብታ፣ ኩርባ፣ መስቀለኛ መንገድና የባቡር ማቋረጫ። አራተኛው ምልክት ስለ ቁልቁለት አለመሆኑ ይገርማል፤ የሻራባንግ ሹፌር ተጠይቆ ቢሆን መጀመሪያ የሚያስጽፈው እሱን ነበር።

ዳገቱም ቢሆን ያለ ጣጣ አልነበረም። ብዙዎቹ ሞተሮች የውሃ ፓምፕ የላቸውም፤ የሞቀው ውሃ ቀሎ ወደ ላይ፣ የቀዘቀዘው ከብዶ ወደ ታች እያለ በራሱ ይዞራል። ውሃው ከላይኛው ቱቦ አፍ በታች ከወረደ ዑደቱ ይቋረጥና ሞተሩ በደቂቃዎች ይፈላል፤ ስለዚህ ከዳገት በፊት ሳይሆን ከእያንዳንዱ ዳገት በኋላ ውሃ ይታያል። ክዳኑን ወዲያው የከፈተ ፊቱን ይቃጠላል። ሰልባትዮው (የነዳጅ ታንኩ) ከታች ላለባቸው ደግሞ ቤንዚን የሚስበው ከሞተሩ የመሳብ ኃይል ጋር የተያያዘ ትንሽ ታንክ ነው። ረጅም ዳገት ላይ ሹፌሩ ነዳጁን እስከ መጨረሻ ሲረግጥ የመሳብ ኃይሉ ይጠፋል፤ ትንሿ ታንክ ትጨርስና ሞተሩ ጫፉ ሊደርስ ሲል ይጠፋል። መላው ቀላል ነው፦ በየጥቂት ደቂቃው ለአፍታ እግርን ከነዳጁ ማንሳት።

የመጀመሪያው የዓለም ጦርነት ሲያበቃ ሁለት ነገር ተገናኘ። ከሠራዊቱ የተረፈ የጭነት መኪና በሺዎች ለሽያጭ ወጣ፤ ሌይላንድን የመሰሉ ፋብሪካዎችም የራሳቸውን መኪና መልሰው እየገዙና እያደሱ ሸጡ። በጦር ሜዳ መንዳት የተማረ ወጣትም የካሳ ገንዘቡን ይዞ ሥራ ይፈልግ ነበር። አንድ ሻንሲ ሁለት አካል ይገዛለታል፦ ከሰኞ እስከ ዓርብ የጭነት ሣጥን፣ ቅዳሜና እሑድ የሻራባንግ ወንበር። መቀየሪያው ጋራዡ ጣሪያ ላይ የተሰቀለ የካቴና ማንሻ ነው። ጥቂት ትልልቅ ብሎኖች ይፈታሉ፤ ሣጥኑ ይነሳል፤ ሻንሲው ከሥሩ ይወጣል፤ ወንበሩ ይወርዳል። የሚበላሸው ብሎኖቹ የሚገቡባቸው ቀዳዳዎች ናቸው፤ በየሳምንቱ ሲፈታና ሲታሰር ቀዳዳው ይሰፋል፤ አካሉ በሻንሲው ላይ መንሸራተት ይጀምራል። ዓርብ የድንጋይ ከሰል ያመላለሰ መኪና ቅዳሜ ነጭ ቀሚስ የለበሰች ሴት እንደሚያሳፍርም መርሳት የለብንም፤ ሻንሲውን ማጠብ የዓርብ ማታ ሥራ ነበር።

በ1919 ከሴፕቴምበር 27 እስከ ኦክቶበር 5 የባቡር ሠራተኞች አድማ ሲመቱ ሻራባንጎች ሰውን ከባሕር ዳርቻ ወደ ለንደን ማመላለስ ጀመሩ። አድማው ሲያበቃ መንገደኛው ሁሉ ወደ ባቡር አልተመለሰም። ፌብሩዋሪ 11 ቀን 1925 ደግሞ ከብሪስቶል ለንደን በየቀኑ የሚሄድ፣ በመንገድም እያወረደና እየጫነ የሚያልፍ የአውቶቡስ መስመር ተከፈተ። የሽርሽር መኪና እግረ መንገዱን የሕዝብ ማመላለሻ ሆነ።

የመጨረሻው ትልቅ ለውጥ ወለሉ ነው። በ1920ዎቹ አጋማሽ መሐንዲሶቹ ለሰው ማጓጓዣ የጭነት ሻንሲ መጠቀም ይብቃ አሉ። የሻንሲው ዘንጎች ከፊት አክሰል በኋላ ወደ ታች ጎንበስ ብለው፣ የኋላው አክሰል ላይ ብቻ ቀስት ሠርተው እንዲያልፉ ተደረገ። በ1927 የወጣው ሌይላንድ ታይገር የዚህ ዓይነተኛ ምሳሌ ነው። ወለሉ ሲወርድ መሰላሉ ቀረ፤ ክብደቱ ስለወረደ ቋሚ ጣሪያና መስታወት መሸከም ቻለ፤ መሃል መተላለፊያ ወጣለት፤ በየረድፉ የነበረው በር በአንድ በር ተተካ። በአራቱም ጎማ ላይ የሚይዝና በሞተሩ የመሳብ ኃይል የሚታገዝ ፍሬንም በዚሁ ጊዜ ተለመደ። የፊት ጎማ ፍሬን ያን ያህል የዘገየው ከፍርሃት ነው፤ የፊቱ ከተያዘ መኪናው ይገለበጣል፣ መሪም አይታዘዝም ይባል ነበር። እውነቱ የተገላቢጦሽ ነው፦ ፍሬን ሲያዝ ክብደት ወደ ፊት ስለሚሄድ የበለጠ መያዝ የሚችለው የፊት ጎማ ነው።

የ1930ው የመንገድ ትራፊክ ሕግ ይህን ሁሉ በወረቀት አሰረው። ለአውቶቡስ የተፈቀደው ፍጥነት 30 ማይል ሆነ። ሹፌር ያለ ዕረፍት ከአምስት ሰዓት ተኩል በላይ፣ በ24 ሰዓት ውስጥ በጠቅላላው ከአሥራ አንድ ሰዓት በላይ እንዳይነዳ ተከለከለ። የሦስተኛ ወገን መድን ግዴታ ሆነ። የሽርሽር ጉዞ የሚያዘጋጅ ሁሉ ፈቃድ ማውጣት ነበረበት፤ የባቡር ድርጅቶችም ቀርበው መቃወም ይችሉ ነበር፤ ተቃወሙም። ሁለት መኪና ይዞ የተነሳው የጦር ተመላሽ አብዛኛውን ጊዜ ለትልቁ ድርጅት ሸጦ ወጣ። ማርች 10 ቀን 1932 ለንደን ውስጥ የቪክቶሪያ የአውቶቡስ ጣቢያ ተከፈተ፤ መጠጥ ቤት ደጃፍ ላይ ተሰብስቦ መነሳት እየቀረ ሄደ።

ክፍቱ መኪና ግን ከሁሉም ቦታ አልጠፋም። ተራራ ባለበት አገር ጣሪያ እይታ ይሰርቃል። ስዊዘርላንድ የፖስታ አውቶቡስ አገልግሎቷን በጁን 1906 ከበርን ከተማ ጀመረች፤ ከጦርነቱ በኋላ ወደ አልፕስ መተላለፊያዎች ወጣች። ጠባብ ኩርባ ላይ መምጣቱን በሦስት ድምፅ ጥሩምባ ያስታውቃል፤ ዜማው ከሮሲኒ ዊልያም ቴል ኦፔራ መግቢያ የተወሰደ ነው። የተራራ ፖስታ መንገድ ተብሎ ምልክት በተደረገበት ቦታ፣ መተላለፍ ሲያስቸግር ሌላው ሹፌር የፖስታ አውቶቡሱን ሹፌር ትእዛዝ ይፈጽማል።

አሜሪካ ውስጥ የሎውስቶን ብሔራዊ ፓርክ የግል መኪና ያስገባው ኦገስት 1 ቀን 1915 ነው። ፈረስ ከመኪና ጋር መንገድ መጋራት አልቻለም፤ በ1917 የፈረስ ሠረገላዎቹ በሙሉ በዋይት ፋብሪካ አውቶቡሶች ተተኩ። ከ1936 እስከ 1939 ደግሞ ያው ፋብሪካ ለግላሲየር ብሔራዊ ፓርክ 33 ቀይ አውቶቡሶች ሠራ። 17 ተሳፋሪ ይይዛሉ፤ ወንበሮቹ ከጎን እስከ ጎን የተዘረጉ ናቸው፤ በመሃል መተላለፊያ የለም፤ እያንዳንዱ ረድፍ የራሱ በር አለው፤ ጣሪያው ወደ ኋላ የሚጠቀለል ሸራ ነው። ሹፌሮቹ 2,026 ሜትር ከፍታ ያለውን የሎጋን መተላለፊያ ሲወጡና ሲወርዱ ማርሹን እያንገጫገጩ ስለሚያስገቡ "ጃመር" ተባሉ፤ ማርሽ ወታፊ እንደማለት ነው። አውቶቡሶቹ ከ2000 በኋላ ፎርድ በሠራው አዲስ ሻንሲ ላይ ተቀምጠዋል፤ ማርሹ አሁን ራሱ ይቀይራል፤ ሹፌሩ ግን እስከ ዛሬ ጃመር ነው። ዝናብ ሲመጣም ያቆማል፤ ወርዶም ሸራውን ይስባል።